ኮድ ፈላጊውን በአክስቴ ጫማ ፈተንኩት

የዓመቱ ክፍያ ሊያበቃ 12 ቀን ሲቀረው «ያድሱ» የሚል ኢሜይል መጣልኝ። አንድ ዓመት ሙሉ በየቀኑ ስከፍተው የከረምኩት የሕክምና ኮድ መፈለጊያ ሶፍትዌር ነው። ለምዶብኝ እንጂ ጥሩ ይሁን አይሁን ራሴን ጠይቄ አላውቅም። ስለዚህ አንድ ቅዳሜ ስልኬን አጥፍቼ ቁጭ ብዬ ፈተንኩት። የድርጅቱን ስም አልጠራም። የምወቅሰው ነገር አለኝ፤ የማመሰግነውም አለ። ስሙን የሚያውቀው ከገለጻዬ ያውቀዋል።

ሥራዬን ለማያውቅ ሰው ባጭሩ ልንገር። ሐኪሙ የጻፈውን አነባለሁ፣ የበሽታውን ወይም የጉዳቱን ኮድ አወጣለሁ፣ ኮዱ ከሂሳቡ ጋር ወደ ኢንሹራንስ ይሄዳል። ስድስት ዓመት ሆኖኛል። አሜሪካ ውስጥ የምንሠራበት የኮድ ሥርዓት አይሲዲ-10-ሲኤም ይባላል። እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 1 ቀን 2015 ነው አሮጌውን አይሲዲ-9 ተክቶ ሥራ ላይ የዋለው። እኔ በአሮጌው አልሠራሁም። የድሮ ኮደሮች ሲናፍቁት ግን ሁሌ እሰማለሁ።

የሚናፍቁት በከንቱ አይደለም። በድሮው ሥርዓት የጭን አጥንት አንገት ስብራት መዘዝ ራሱን የቻለ ቁጥር ነበረው፦ 905.3። ቀኝ ነው ግራ ብሎ አይጠይቅም። የዓለም ጤና ድርጅት ባወጣው አይሲዲ-10 ውስጥም ለጭን አጥንት ስብራት መዘዝ ቲ93.1 የሚባል ኮድ አለ። የአሜሪካው ግን ያንን መንገድ ትቶ መዘዙን ከራሱ ከስብራቱ ኮድ ጫፍ ላይ በአንዲት ፊደል አንጠለጠለው። ሰባተኛዋ ቦታ ላይ። ኤስ።

ይህችን ፊደል ነው ለፈተናው የመረጥኳት። እንፍሉዌንዛን ወይም የደም ግፊትን የትኛውም ሶፍትዌር ያገኘዋል። የዳሌ ስብራት መዘዝ ግን አስቸጋሪ ነው። አጥንቱ ገጥሟል፣ ሰውየው ያነክሳል። ስብራቱ የለም፣ ስብራቱ ያመጣው ነገር አለ። ኮደሩ ደግሞ ሁለቱንም መናገር አለበት፤ ያውም በቅደም ተከተል።

በነገራችን ላይ «ዳሌው ተሰበረ» ሲባል አብዛኛውን ጊዜ የተሰበረው የጭን አጥንት የላይኛው ጫፍ ነው። ስለዚህ ኮዱ የሚገኘው በጭን አጥንት ስብራት ምድብ፣ በኤስ72 ውስጥ ነው። ጀማሪ ሳለሁ ወገብና ዳሌ ወደሚገኙበት ኤስ32 ሄጄ ግማሽ ቀን ጠፍቻለሁ። ሶፍትዌሩ እዚህ ላይ አንደኛ ነው። ዳሌ ብሎ ለጻፈለት ሰው ቀጥታ ኤስ72ን ይከፍትለታል።

አሁን ወደ አክስቴ።

አክስቴ ከአራት ዓመት በፊት ሻወር ውስጥ ወደቁ። የግራ ጭናቸው አጥንት ከላይ፣ ትሮካንተር በሚባሉት ሁለት ጉብታዎች መሃል ተሰበረ። ቦታውንም ለቆ ነበር። ብረት ገባላቸው፣ አጥንቱም ገጠመ። ሐኪሙ ድኗል ብሎ አሰናበታቸው። እግራቸው ግን አጠረ። አሁን የግራ ጫማቸው ሶል ሥር ቡሽ አስጨምረውበታል። ሲራመዱ የቀኙ ድምፅ የለውም፣ የግራው ጧ ይላል። ከሌላ ክፍል ሆኜ እንኳ እየመጡ እንደሆነ አውቃለሁ። «የኔ ልጅ፣ እኔ አላጠርኩም፣ መሬቱ ነው ከፍ ያለው» ይላሉ። (የአጥንት መሳሳት ተመርምረው የለባቸውም። ይህን የጻፍኩት ኮደር የሆነ አንባቢ ገና ከጅምሩ እንዳይዘልብኝ ነው። ምክንያቱን ወደ ታች ታገኙታላችሁ።)

ከዚህ ታሪክ ተነስቼ ስምም ቀንም የሌለው የልምምድ ቻርት ጻፍኩ። ሁለት ዓረፍተ ነገር ብቻ። «ታካሚዋ በግራ እግራቸው ማጠር ምክንያት ለጫማ ማስተካከያ መጥተዋል። ማጠሩ የመጣው ከአራት ዓመት በፊት ሻወር ውስጥ ወድቀው ከደረሰባቸው፣ አሁን ከገጠመው የግራ ትሮካንተሮች መሃል ስብራት ነው።»

መልሱን አውቀዋለሁ። መጀመሪያ አሁን ያለው ችግር፦ ኤም21.752፣ የግራ ጭን አጥንት ማጠር። ቀጥሎ ችግሩን ያመጣው ስብራት፦ ኤስ72.142ኤስ። የአወዳደቁ ኮድም ካስፈለገ ደብሊው18.2ኤክስኤክስኤስ። መመሪያው ግልጽ ነው። መዘዙ ይቀድማል፣ ጉዳቱ ይከተላል። ኤስ የምትለጠፈው ጉዳቱ ላይ ብቻ ነው። በመዘዙ ኮድ ላይ አትለጠፍም።

ሶፍትዌሩ ስብራቱን በሦስት ክሊክ አገኘው። ግራ፣ ከቦታው የለቀቀ፣ በትሮካንተሮች መሃል። ከዚያ ሰባተኛውን ቦታ ሲጠይቀኝ ፊደላቱን በየትርጉማቸው ደረደረልኝ። በዚህ ምድብ 16 ናቸው። ኤ ሕክምናው ገና እየተሰጠ ነው ማለት ነው። ዲ በደንብ እየገጠመ ያለ፣ ክትትል ላይ የሚገኝ። ጂ መግጠሙ የዘገየ። ኬ ያልገጠመ። ፒ ተጣሞ የገጠመ። አጥንቱ ቆዳ ቀዶ ከወጣ ደግሞ የራሳቸው ፊደላት አሉ። ድርደራው ያምራል፣ አይምታታም። ኤ «የመጀመሪያ ጉብኝት» ማለት እንዳልሆነም ከጎኑ ጽፎታል። ይሄ ትልቅ ነገር ነው። ስንት ኮደር ሐኪሙ ታካሚውን ለመጀመሪያ ጊዜ ስላየው ብቻ ኤ ሲሰጥ አይቻለሁ። የዳነ ስብራት እንደ ትኩስ ስብራት ተቆጥሮ ወደ ኢንሹራንስ ይሄዳል፤ ኦዲት ሲመጣ ደግሞ ጉድ ይፈላል።

ኤስን መረጥኩ። አረንጓዴ ምልክት ብልጭ አለ። «ኮዱ ተሟልቷል» አለኝ።

አልተሟላም! ገና ግማሹ ነው። ኮዱ እርግጥ ሰባት ቦታው ሞልቷል፤ የጎደለ ፊደል የለውም። ግን «አሁን ምን ቀረባቸው?» ብሎ የጠየቀ የለም። ማጠር ነው? ህመም ነው? መገጣጠሚያው ተበላ? የአጥንቱ ጫፍ ደም አጥቶ ሞተ? ኤስን የመረጠ ሰው ይሄን ጥያቄ የግድ መመለስ አለበት፣ ሶፍትዌሩ ግን በአረንጓዴ ምልክት ሸኘኝ። አንድ ዓመት ሙሉ ይህን ምልክት ስቀበል ነበር ማለት ነው። እኔ የቀረውን ከልምዴ እጨምራለሁ። ባለፈው ወር የጀመረው የሥራ ባልደረባዬ ከየት አምጥቶ ይጨምራል?

እሺ ብዬ የማጠሩን ኮድ ለብቻው ፈለግኩ። ኤም21.75 ወጣ። ሥሩ ቀኝ፣ ግራ እና ያልተገለጸ። እዚህ ጋ ነው ንዴቴ የመጣው። ወፍራሙ የኮድ መጽሐፍ ላይ ከኤም21.7 ሥር አንዲት መስመር ማስታወሻ አለች። የሚመረጠው ጎን ያጠረው እግር ጎን ነው ትላለች። በቃ ይቺው ናት። አሁን ሐኪሙ «የቀኝ እግር ከግራው ይረዝማል» ብሎ ጽፎ ቢሆንስ? ብዙ ሐኪሞች እንደዚያ ይጽፋሉ። ማስታወሻዋን ያላየ ሰው «ቀኝ» የሚለውን ቃል አይቶ ቀኝን ይመርጣል። የአክስቴ ጫማ በግራ ነው የተነሳው፤ ኮዱ ግን ቀኝ ይላል። በሶፍትዌሩ ላይ ማስታወሻዋ ጠፍታ አይደለም። ከዳር ያለች ግራጫ፣ የሩዝ ፍሬ የምታክል ምልክት ሲነኳት ትከፈታለች። አንድ ዓመት ሙሉ ነክቻት አላውቅም ነበር።

ሁለቱን ኮዶች አንድ ላይ ሳስገባቸው ስብራቱን ከላይ አስቀመጠው። ጎትቼ አወረድኩት። ዘግቼ ስከፍተው ተመልሶ ከላይ ተቀምጧል። እንደገና ጎተትኩ፣ እንደገና ወጣ። ሦስተኛው ላይ ሳቄ መጣ። ምናልባት «ጉዳት ይቀድማል» ብሎ የሚያስብ አንድ ቦታ ውስጡ ተጽፎበት ይሆናል። ለአዲስ ስብራት ልክ ነው። ለመዘዝ ተገላቢጦሽ ነው።

የአወዳደቁ ኮድ ላይ ግን አስደነቀኝ። ሻወር ስል ደብሊው18.2ን አወጣ፣ ባዶዎቹን ቦታዎች በኤክስ ሞላ፣ መጨረሻው ላይ ሳልነግረው ኤስ አደረገ። ስብራቱ መዘዝ ከሆነ አወዳደቁም የመዘዝ ፊደል እንደሚይዝ ገብቶታል። ልመርቀው ስል ከሥሩ አንድ ምክር ብቅ አለ፦ የአደጋውን ቦታ ይጨምሩ፣ ዋይ92፣ መታጠቢያ ቤት። ኧረ ተው! የቦታ ኮድ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የሚሰጠው፣ ጉዳቱ መጀመሪያ ሲታከም። ከአራት ዓመት በኋላ ለጫማ የመጣን ሰው የት ወደቁ ብሎ መመዝገብ አያስፈልግም።

ሁለተኛው ቻርቴ አጭር ነበር። ታካሚው በሳል ነው የመጣው። ሐኪሙ ከታሪኩ ውስጥ «ከሦስት ዓመት በፊት የቀኝ ዳሌ ስብራት፣ ድኗል፣ ቅሬታ የለውም» ብሎ ጽፏል። ሶፍትዌሩ ይህን ጽሑፍ ሲያነብ (አዲስ የጨመሩት የጽሑፍ ማንበቢያ አለው፣ ማስታወቂያቸው ሁሉ ስለሱ ነው) ኤስ72.001ኤስ ብሎ በቢጫ አቀለመልኝ። ይሄ በግልጽ ስህተት ነው። የተረፈ ችግር ከሌለ መዘዝ የለም። ያለው የዳነ ስብራት ታሪክ ብቻ ነው፣ ዜድ87.81። ኤስ «ድሮ ተሰብሮ ነበር» ማለት አይደለችም። ለመዘዝ የጊዜ ገደብ የለውም፤ ሦስት ዓመትም ሠላሳ ዓመትም ይሁን ኤስ መስጠት ይቻላል። ግን ዛሬ የሚታይ ነገር ያስፈልጋል። ማንበቢያው «በፊት» የሚለውን ቃል ባየ ቁጥር ኤስ የሚያወጣ መሰለኝ። ሦስት ጊዜ ቃላቱን እየቀያየርኩ ሞከርኩት፣ ሁለቱን ተሳሳተ።

ሦስተኛው ቻርት ላይ እጄን አንስቼለታለሁ። የአጥንት መሳሳት ያለባቸው፣ ከወንበር ሲነሱ ተንሸራተው የግራ ጭናቸው የተሰበረ፣ አሁን መገጣጠሚያቸው የሚያማቸው እናት ናቸው። ኤስ72ን ልከፍት ስል ሶፍትዌሩ አስቆመኝ። «በቻርቱ ላይ የአጥንት መሳሳት ተጠቅሷል፤ ኤም80ን ይመልከቱ» አለኝ። ልክ ነው። የታወቀ የአጥንት መሳሳት ያለበት ሰው ጤነኛ አጥንት በማይሰብር ቀላል አወዳደቅ ከተሰበረ፣ ስብራቱ ከአደጋ ስብራቶች ምድብ ይወጣና ኤም80 ውስጥ ይገባል። እዚያም የራሱ ኤስ አለው። ኤም80.052ኤስ፣ ከፊቱ ደግሞ የግራ ዳሌ ህመም ኤም25.552። አሁን የአክስቴን አጥንት መመርመር ለምን እንደጠቀስኩ ገብቷችኋል። ይህቺ አንዲት ማስጠንቀቂያ ባለፈው ዓመት ስንት ጊዜ እንዳዳነችኝ ብቆጥር ክፍያውን ሳታክል አትቀርም።

አራተኛው ላይ ብዙ አልቆይም። የጭን አጥንት አንገት ተሰብሮ መገጣጠሚያው በሰው ሠራሽ ተተክቶ፣ ለክትትል የመጣ ታካሚ። ሶፍትዌሩ ለመገጣጠሚያ ቅየራ ክትትል የሚሰጠውን ዜድ47.1ን ሰጠኝ። ቅየራው የመጣው ከስብራት ስለሆነ ግን ክትትሉ የሚነገረው በስብራቱ ኮድ፣ በዲ ነው፤ ለጉዳት የክትትል ዜድ ኮዶችን አንጠቀምም። ይሄን ልምድ ያላቸው ሰዎችም ይሳሳቱበታል፤ ስለዚህ ብዙ አልፈርድበትም። ስብራቱ «ተጣሞ የገጠመ» ብዬ የሰጠሁት አምስተኛው ቻርት ላይ ግን ኤስን ትቶ ፒን መረጠ፤ ጎበዝ።

መጽሐፉንም ጎን ለጎን ከፍቼ ነበር የሠራሁት። መጽሐፉ እንደ ጡብ ይከብዳል። ገጹ ስስ ነው፣ ጣት ካልረጠበ አይገለጥም። በየዓመቱ ኦክቶበር 1 እድሳት ስለሚወጣ አዲስ መግዛት ግድ ነው፤ ሶፍትዌሩ ግን በአንድ ሌሊት ይታደሳል። ፍጥነቱን አታወዳድሩት፤ እኔ ገጽ እስካገላብጥ ሶፍትዌሩ ሦስት ኮድ ያወጣል። መጽሐፉ ላይ ግን ማስታወሻዋን አለማየት አይቻልም። ኤም21.7ን ልፈልግ ስሄድ ዓይኔ መንገድ ላይ ያርፍባታል። ሶፍትዌሩ ወደ ኮዱ በሊፍት ያደርሰኛል፣ መጽሐፉ ደግሞ ደረጃውን ያስወጣኛል። ደረጃው ላይ ነው ጎረቤት የሚገኘው።

አንድ ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር ደግሞ አለ። ኮዶቹም ሆኑ መመሪያው በነጻ ይገኛሉ። የአሜሪካው የበሽታ መቆጣጠሪያ ማዕከል፣ ሲዲሲ፣ ድረ ገጹ ላይ ያስቀምጣቸዋል። ስለ መዘዝ የሚናገረው የመመሪያው ክፍል ከአንድ ገጽ አይበልጥም። ለሶፍትዌር የምንከፍለው ለፍጥነትና ለማስጠንቀቂያ ነው። ስለዚህ ማስጠንቀቂያው ሲያንቀላፋ መናደዴ አይፈረድብኝም።

ቅሬታዬን ጽፌ ላክሁላቸው። ሦስት ነጥብ፦ ኤስ ሲመረጥ መዘዙን ጠይቁ፣ ቅደም ተከተሉን አትገልብጡ፣ የኤም21.7ን ማስታወሻ ወደ ፊት አምጡ። ከስክሪኑ ላይ ያነሳሁትን ፎቶ ሁሉ አያይዤ። ከዘጠኝ ቀን በኋላ መልስ መጣ። «ስለ አስተያየትዎ እናመሰግናለን፣ እባክዎ ኮምፒውተርዎን አጥፍተው ያብሩ።» አጥፍቼ አበራሁ። ስብራቱ አሁንም ከላይ ነው። ሁለተኛ ስጽፍላቸው አንዲት የድጋፍ ሠራተኛ ደወለችልኝ። በእርጋታ አዳመጠችኝ። የቅደም ተከተሉን ነገር ራሷም እዚያው ሞክራ «እውነትዎን ነው፣ ለኔም ተገለበጠ» አለችኝ። ለባለሙያዎቹ አስተላልፋለሁ ብላለች። ድምጿ ውስጥ ማስመሰል አልሰማሁም። ይህን እስከጻፍኩበት ቀን ድረስ ግን አልተስተካከለም።

ማን ይግዛው? ሦስትና አራት ዓመት የሠራ፣ መመሪያውን በጭንቅላቱ የያዘ ኮደር ይግዛው። እጁን ያፈጥንለታል፤ የአጥንት መሳሳቷ ማስጠንቀቂያ ብቻዋን ትበቃዋለች። ጀማሪ አይግዛው። ወይም ከገዛው ያንን አረንጓዴ ምልክት እንደ ፊርማ አይቁጠረው፤ የጽሑፍ ማንበቢያውንም ያጥፋው። ማጥፊያው በቅንብሩ ውስጥ ሦስተኛው ገጽ ላይ ነው፤ ለማግኘት እኔም ብዙ ታግዬበታለሁ። ከአምስት ኮከብ ሦስት እሰጠዋለሁ። የደወለችልኝን ሠራተኛ ካሰብኩ ሦስት ተኩል።

ውጤቱን ለአክስቴ አሳየኋቸው። ሦስቱን ኮዶች በወረቀት ላይ ጽፌ። መነጽራቸውን አድርገው ቁጥሮቹን በጣታቸው እየተከተሉ አነበቡ። «ይሄ ሁሉ ለአንድ ቡሽ?» አሉ። የዓመቱን አላደስኩም፤ የወር ክፍያውን ወሰድኩ። የኦክቶበሩ እድሳት ሲገባ ያንኑ ቻርት መልሼ አስገባዋለሁ። እስከዚያ መጽሐፉ ኤም21.7 ላይ ቢጫ ወረቀት ተሰክቶበት ከስክሪኑ ጎን ተቀምጧል።